የቆንጂት ቤት ካሳ ጉዳይ

እኔ የዚህ ቃለ ጉባኤ ጸሐፊ ሀብተሥላሴ ድንቁ ነኝ። ዕድሜዬ ሰባ ስምንት ነው። መርፌ ውስጥ ክር ራሴ አስገባለሁ፣ ጢሜን ራሴ እላጫለሁ፣ ውኃ በጀሪካን እየተሸከምኩ መንገድ ላይ ሳላርፍ ቤቴ እገባለሁ። የጭነት መኪና ሲያልፍ ድምፁን ሰምቼ የትኛው ጎማ እንደተነፈሰ እናገራለሁ፤ ማንም ባይጠይቀኝም። ፊደል የቆጠርኩት በመሠረተ ትምህርት ዘመን ማታ ማታ ነው፤ ስለዚህ ጽሑፌ ይዘገያል እንጂ አይዋሽም። ጸሐፊ የተደረግሁት ሌላው የኮሚቴ አባል ሁሉ በእጁ ስልክ ስለያዘና ብዕር የሚይዝበት እጅ ስላጣ ነው።

ቀን፦ ሐሙስ ጥቅምት 13 ቀን 2018 ዓ.ም.። በዚህ በኬንያ አቆጣጠር ሌላ ቀን ነው፤ ሐሙስነቱ ላይ ግን ሁለቱም መንግሥታት ይስማማሉ።

ቦታ፦ ሞያሌ፣ በኬንያ በኩል፣ ማንያታ ሰፈር፣ በወይዘሮ ሊና ሻይ ቤት በረንዳ።

የስብሰባው ዓላማ፦ መንግሥት መንገዱን ሊያሰፋ ስለሚወስደው መሬትና ስለሚፈርሱት ቤቶች ተገቢውን ካሳ መወሰን።

የተገኙ አባላት፦
1. ኦቦ ኤሌማ፣ ሊቀመንበር፣ የአካባቢው ሽማግሌ
2. አቶ አብዱብ፣ የፍየልና የከብት ነጋዴ፣ የሁለት ሚስቶች ባል
3. ወይዘሮ ረምዚያ፣ ባለ ጨርቅ ሱቅ፣ ስዋሂሊም ስለሚያውቁ አስተርጓሚ
4. ወይዘሮ ሊና፣ የሻይ ቤቱ ባለቤት፣ ባላቸው የሞተባቸው
5. ሀብተሥላሴ ድንቁ፣ ጸሐፊ፣ ሚስታቸው የሞተችባቸው

አቶ ሰሊም ስኳር ሊገዙ ድንበር ተሻግረው ኢትዮጵያ በኩል ስለነበሩ በአካል አልተገኙም። ምልዓተ ጉባኤው ያለ እሳቸው ስለማይሞላ በስልክ ተደውሎላቸው፣ ስልኩ ድምፁ ከፍ ተደርጎ ወንበር ተሰጥቶት ተቀምጧል። ስብሰባው ከጠዋቱ ሦስት ሰዓት ተኩል ላይ ተጀመረ። ለሦስት ሰዓት ነበር የተቀጠረው።

አጀንዳ አንድ፦ የካሳው ቅጽ በማን ስም ይሞላ

ሊቀመንበሩ እንዳስረዱት፣ ከመንገድ ሥራው የመጣችው ገማች፣ ሜርሲ የምትባል ልጅ፣ ትናንት ቅጹን ሰጥታ ሄዳለች። ዛሬ ከቀትር በኋላ ትመለሳለች። ቅጹ ለሰፈሩ ሁሉ አንድ ነው። በእያንዳንዱ ቤት አንጻር የባለቤቱ ስም ይጻፋል። አንድ ቤት እንኳ ስም ካልተሞላለት የሁሉም ክፍያ ይቆማል።

ባለቤት ማለት ማን ማለት ነው የሚለው ጥያቄ ተነሣ። ኦቦ ኤሌማ ይህ ጥያቄ እንዳልሆነ ገለጹ። በቦረና ወግ ቤት የሚስት ነው፤ የምትሠራው እሷ፣ የምታፈርሰው እሷ፤ ወንድ ከብት እንጂ ቤት የለውም፤ የሚገባውም ሲፈቀድለት ነው አሉ። ወይዘሮ ረምዚያ ወጉ የእሳቸው ባይሆንም በጣም እንደወደዱት አስመዘገቡ።

አቶ አብዱብ ተቃወሙ። ሁለቱም ቤቶች ለሚስቶቻቸው ከተጻፉ እሳቸው በመንግሥት ዘንድ መንገደኛ መሆናቸው እንደሆነ ተናገሩ። ኦቦ ኤሌማ፣ ትናንት ከሁለቱ በየትኛው ቤት አደርክ ሲሉ ጠየቋቸው። አቶ አብዱብ ከአጀንዳው ጋር እንደማይገናኝ መለሱ። ወይዘሮ ሊና፣ መጋዘን ነው ያደረው፣ ሻይ እዚያ ነው የላክሁለት ሲሉ ለጉባኤው መረጃ ሰጡ።

ከረዥም ውይይት በኋላ ቤቶች ሁሉ በሚስቶች ስም እንዲጻፉ ተወሰነ። አቶ ሰሊም ከስልኩ ውስጥ "አዎ፣ አዎ፣ ሃምሳ ኪሎ" ስላሉ ድጋፋቸው ተቆጥሯል።

ውሳኔው እንደተሰጠ ጸሐፊው እጃቸውን አነሡ። ቤታቸው የሟች ሚስታቸው የወይዘሮ ቆንጂት መኩሪያ እንደሆነ፣ ይህንንም ወግ ሳያስገድዳቸው ዱሮም ይሉት እንደነበር፣ ስለዚህ በቅጹ ላይ የቆንጂት ስም እንዲጻፍ ጠየቁ። አቶ አብዱብ የሞተ ሰው ገንዘብ እንደማይቀበል አስታወሱ። ጸሐፊው ገንዘብ ስለመቀበል አለመናገራቸውን፣ የጠየቁት ስለ ስም መሆኑን መለሱ። ነገሩ ጊዜ እንደሚወስድ ስለታየ ወደ አጀንዳ አራት ተላለፈ።

አጀንዳ ሁለት፦ ተገቢ ዋጋ

በገማቿ ሠንጠረዥ ቆርቆሮ ዋጋ አለው፣ በር ዋጋ አለው፣ የጭቃ ግድግዳ ግን ጊዜያዊ ስለሚባል ከቁጥር የሚገባ ዋጋ የለውም። ወይዘሮ ረምዚያ ግድግዳቸው ጊዜያዊ ሆኖ ሦስት ልጅ እንደወለዱበትና ልጆቹም አሁን ልጅ እንደወለዱ ገልጸው፣ ጊዜያዊ የሚባለው እስከ ስንት ዓመት ነው ብለው ጠየቁ።

አቶ አብዱብ ሺሊንግ ዛሬ ወጥቶ ነገ ስለሚወርድ ቤት የሚገመተው በጊደር ነው አሉ። ኦቦ ኤሌማ ሐሳቡን አደነቁ። ወይዘሮ ሊና መንግሥት ጊደር ከየት ያመጣል ሲሉ፣ አቶ አብዱብ እሳቸው ዘንድ ለመንግሥት የሚሸጥ ጊደር እንዳለ ገለጹ። ይህ የጥቅም ግጭት አይሆንም ወይ ተብለው ተጠየቁ። ግጭቱ አይታየኝም፣ ጥቅሙ ግን ይታየኛል አሉ።

ከረዥም ውይይት በኋላ ለእያንዳንዱ ክፍል አንዲት ያረገዘች ጊደር ካሳ እንዲጠየቅ ተወሰነ። የዶሮ ቤት እንደ ክፍል ይቆጠር ወይ የሚለው ወይዘሮ ረምዚያን ብቻ የሚመለከት ሆኖ ተገኘ፤ የዶሮ ቤቱን የሠሩት ገማቿ መጣች ከተባለ በኋላ ነው፤ ዶሮ ገና የለውም። ጥጃ እንዲሰጣቸው ተስማምተናል።

አጀንዳ ሦስት፦ ስለ ችካሎቹ

መንገዱ የሚያልፍበትን መስመር ለማሳየት ቀያሾች የተከሏቸው ችካሎች በአሁኑ ሰዓት ቀያሾቹ በተከሉበት ቦታ አለመሆናቸውን ሊቀመንበሩ በሐዘን ገለጹ።

ነገሩ እንዲህ ነው። መጀመሪያ መንግሥት ያለ ካሳ ይወስዳል ተብሎ ሲወራ ችካሎቹ ከየቤቱ ርቀው ወደ መንገዱ ሄዱ። ቀጥሎ ካሳ አለ ሲባል ተመልሰው መጡ፤ ሲመጡም ከበፊቱ ዘልቀው ገቡ። የወይዘሮ ረምዚያ ችካል ከወጥ ቤታቸው ጀርባ ነው። የአቶ አብዱብ ችካል የመጀመሪያ ቤታቸውን አልፎ፣ ዞሮ፣ ሁለተኛውንም አካቷል። አሁን ባሉት ችካሎች መንገድ ቢሠራ የጭነት መኪና ሊሄድበት አይችልም፤ እኔ ዕድሜ ልኬን ነድቻለሁ፣ ፍየልም ቢሆን ያዞረዋል።

ችካሎቹን ማን አንቀሳቀሰ ተብሎ ሲጠየቅ ማንም እንዳላንቀሳቀሰ በሙሉ ድምፅ ታወቀ። የጸሐፊው ችካል ብቻ ከተተከለበት አልተነሣም፤ ቀያሾቹ በቆንጂት ቤት መሐል ለመሐል የሚያልፈውን መስመር አመልክተው ከደጃፉ ተክለውታል፣ እዚያው ነው። ቤቱ በእውነት ይፈርሳል። አቶ አብዱብ፣ አንተ ሳትለፋ አገኘህ አሉ። ይህ ንግግር ይመዝገብ ወይ ብዬ ጠየቅሁ። አይመዝገብ አሉ። ተመዝግቧል።

ከረዥም ውይይት በኋላ ችካሎቹን ያንቀሳቀሱት ነፋስና ፍየል እንደሆኑ፣ አባላትም ለገማቿ ይህንኑ በአንድ ቃል እንዲናገሩ ተወሰነ።

አጀንዳ አራት፦ ሚስት የሌለው ቤት

ሊቀመንበሩ ከሰፈሩ ቤቶች ሁሉ ስም ያልተሞላለት የጸሐፊው ብቻ መሆኑን፣ ገማቿም ልትመጣ እንደተቃረበች አሳሰቡ።

አቶ አብዱብ መፍትሔ አቀረቡ። በውሳኔ አንድ መሠረት ቤት የሚጻፈው በሚስት ስም ስለሆነ፣ ጸሐፊውም ሚስት ስለሌላቸው፣ ልጅቷ ከመድረሷ በፊት ሚስት ይሰጣቸው አሉ። ማን ትሁን ሲባል ወይዘሮ ሊና ባል የሌላቸው፣ ሃይማኖታቸውም ከጸሐፊው ጋር አንድ የሆነ፣ ደግሞም እዚሁ ስላሉ ለቦዳቦዳ ሞተር ኪራይ ወጪ የማያስፈልጋቸው መሆኑን አስረዱ።

ወይዘሮ ሊና ሻይ እየቀዱ ነበር፤ መቅዳታቸውን አላቆሙም። ጋሽ ሀብቴ ክፉ ሰው አይደሉም፣ ግን ሻይ ባመጣሁ ቁጥር ስኳሩ ላይ ሲነታረኩ ዓመታት አለፉ፣ ይህን ደግሞ ቤቴ ላስገባ ወይ አሉ። በወረቀት ብቻ ነው ተባሉ። በወረቀትም ቢሆን በስኳሩ አልደራደርም አሉ። ጸሐፊው ለወይዘሮ ሊና ትልቅ አክብሮት እንዳላቸው፣ ስኳሩ ግን በእርግጥ እንደሚያንስ ገለጹ።

በመቀጠል ጸሐፊው ለአቶ አብዱብ፣ ሁለት አግብተህ መጋዘን የምታድር ሰው ለእኔ ሚስት ልትመርጥ ነው ወይ አሉ። ሊቀመንበሩ ጸሥታ አስከበሩ። ጋብቻው ለድምፅ ቀርቦ በሁለት ድጋፍ፣ በሁለት ተቃውሞ፣ በወይዘሮ ረምዚያ ሳቅ ተጠናቀቀ። ስልኩ ኔትወርክ ከኢትዮጵያ ወደ ኬንያ ሲቀያየር ዝም ብሎ ስለነበር የአቶ ሰሊም ዝምታ እንደ ድጋፍ ተወሰደና ጋብቻው ጸደቀ። ተጋቢዎቹ ስላልተስማሙ ግን ተግባራዊነቱ ለጊዜው ቆየ።

ወይዘሮ ረምዚያ ሌላ ሐሳብ አቀረቡ። ቆንጂት በቅጹ ላይ ለክፍያው ቀን ብቻ በሕይወት እንዳለች ተደርጋ ትጻፍ፤ መሞቷን የሰማው ማንያታ እንጂ መንግሥት አይደለም አሉ። ኦቦ ኤሌማ ጥቂት አስበው፣ እኔ አልተቃወምኩም፣ ነገሩ የሀብቴ ነው አሉ። ሁሉም ወደ ጸሐፊው ዞሩ። ጸሐፊው ለማሰብ ጊዜ ጠየቁ። ተሰጣቸው።

ከዚያ በኋላ ጸሐፊው የተናገሩት ይመዝገብ ስለተባለ እንደሚከተለው ተመዝግቧል፦

"አለች ብዬ አልፈርምም። አለመኖሯን እኔ ነኝ የማውቀው። ግን ቤቱን የሠራችው እሷ ናት። ጭቃውን አቡክታ የለጠፈችው በእጇ ነው። ቆርቆሮውን ሽንኩርት ሸጣ፣ ቅጠል በቅጠል ነው የገዛችው። እኔ መኪና ላይ ነበርኩ። ከጉዞ በተመለስኩ ቁጥር ቤቱ ጨምሮ ይጠብቀኛል። አንድ ቀን በሩን ወደ ሌላ ጎን አዙራው፣ እኔ የራሴን ቤት አጥቼ የእናንተን ቤት አንኳኩቻለሁ፣ ኤሌማ፣ አንተ ነህ የመለስከኝ። እንግዲህ ሟች ብላችሁ ጻፉ፣ ባለቤት ብላችሁ ጻፉ። ሁለቱም እውነት ነው።"

ኦቦ ኤሌማ፣ አዎ፣ እኔ ነኝ የመለስኩህ አሉ።

በውጭ የፒኪፒኪ ሞተር ድምፅ ስለተሰማ ብዙም ሳይወያዩ "ሟች ወይዘሮ ቆንጂት መኩሪያ፣ የቤቱ ባለቤት" ተብሎ እንዲጻፍ በሙሉ ድምፅ ተወሰነ። አቶ አብዱብም እጃቸውን አንሥተዋል። ስሙን በቅጹ ላይ ያሰፈሩት ጸሐፊው ናቸው። ወይዘሮ ረምዚያ በላቲን ፊደል ከሥሩ ደገሙት።

የገማቿ መምጣት

ገማቿ ሜርሲ ከፒኪፒኪው ወርዳ፣ አቧራዋን አራግፋ፣ ለሁሉም ሰላምታ ሰጠች። ወይዘሮ ረምዚያ እያስተረጎሙ ቅጹን ተቀበለች። በሚስቶች ስም መሞላቱን ወደደችው። ጊደር የሚለውን ሁለት ጊዜ አነበበችና መሥሪያ ቤታቸው በረት እንደሌለው ነገረችን።

ከዚያ ጣቷን አንድ መስመር ላይ አቆመች። የሞተ ሰው ስም ካለ የፍርድ ቤት የወራሽነት ወረቀት እንደሚያስፈልግ፣ ያ እስኪመጣ ግን የሰፈሩ ሁሉ ክፍያ እንደሚቆም አስረዳች። የጸሐፊውን ኪፓንዴ፣ የመታወቂያውን ቁጥር እንጻፍ፣ በእሳቸው ስም ይሁን፣ ዛሬውኑ ያልቃል አለች። ጸሐፊው እምቢ አሉ። ልጅቷ ከወንበሯ ተነሥታ በአክብሮት፣ በስዋሂሊ ሽማግሌ በሚጠራበት ቃል፣ እንዲህ አለች፦ "ምዜ፣ እሷ አልሠራችውም አላልኩም። ቅጹ ይህን የሚጻፍበት ቦታ የለውም።"

ጸሐፊው፣ ቦታ የለውም የምትይው እኔ ከጻፍኩበት በላይ ነው ወይስ በታች ብለው ጠየቁ። አልተተረጎመም።

ቀጥላ ስለ ችካሎቹ ጠየቀች። አባላቱ ነፋስና ፍየል አሉ፤ በአንድ ቃል። ፍየል ችካል ነቅላ እንዴት መልሳ በድንጋይ መትታ ተከለች ብላ ጠየቀች። አቶ አብዱብ የእኛ ፍየሎች የተለዩ መሆናቸውን ገለጹ። ልጅቷ ስልኳን አወጣችና የዛሬውን ቃለ ጉባኤ ፎቶ ማንሣት እንደምትፈልግ፣ ናይሮቢ አማርኛ የሚያውቅ ባልደረባ እንዳላት፣ እሱ እንደሚተረጉምላት ተናገረች።

ኦቦ ኤሌማ በኦሮምኛ፣ ቀስ ብለው፣ አጀንዳ ሦስት ላይ ምን ጻፍክ ብለው ጠየቁኝ። ሁሉንም አልኳቸው። የአብዱብንም አሉኝ። አይመዝገብ ያለውንም አልኳቸው።

የመጨረሻ ውሳኔ

አጣዳፊ በመሆኑ ያለ ረዥም ውይይት የሚከተለው ተወሰነ። ቤቶች በሚስቶች ስም ይጻፉ የሚለው ተሽሯል። ጊደሮቹ ተሽረዋል፤ የወይዘሮ ረምዚያ ጥጃ አብሮ ተሽሯል። ችካሎቹን ነፋስና ፍየል አንቀሳቀሱ የሚለው ተሽሯል። የጸሐፊውና የወይዘሮ ሊና ጋብቻ ተሽሯል፤ ወይዘሮ ሊና በዚህ ብቻ ከልባቸው ደገፉ። የሟች ወይዘሮ ቆንጂት መኩሪያ የቤት ባለቤትነት ተሽሯል። የዛሬው ስብሰባ እንዳልተደረገ ይቆጠራል፤ ያልተደረገ ስብሰባም ቃለ ጉባኤ ስለማይኖረው ፎቶ የሚነሣ ነገር የለም።

ጸሐፊው ውሳኔውን እንዲጽፉ ታዘዙ። ጸሐፊ ናቸውና ጻፉ።

ገማቿ ሰኞ ከአካባቢው አስተዳዳሪ ከቺፉ ጋር ተመልሳ ከየኪፓንዴው ላይ ስሞቹን ራሷ እንደምትጽፍ፣ ችካሎቹም በካርታው ልክ እንደገና እንደሚተከሉ፣ ሰኞ የማይፈርም ሰው ቢኖር ግን የሌላው እንዳይቆም አዲስ ቅጽ ተሠርቶ ያ ቤት ከካሳው ውጭ እንደሚተው፣ ዶዘሩም ቢሆን እንደሚመጣ ነገረችን። ኦቦ ኤሌማ ወደ እኔ ዞረው፣ ትፈርማለህ አሉኝ። አልፈርምም አልኩ። ካሳው ያመልጥሃል እኮ አሉኝ። ያምልጠኝ አልኩ።

ስብሰባው ከቀኑ ዘጠኝ ሰዓት ላይ፣ እንዳልተጀመረ ሆኖ ተዘጋ። አቶ ሰሊም አሁንም ስልኩ ላይ ስለነበሩ መዘጋቱ ተነግሯቸዋል። ምን ተወሰነ ብለው ጠየቁ። ምንም ተባሉ። እደግፋለሁ አሉ።

ጉባኤው ውሳኔውን መሻር ይችላል። የእኔን ዕዳ ግን መሻር አይችልም፤ እሱን ራሴ እከፍላለሁ፣ ማንም እንዲያግዘኝ አልፈልግም። ከዚህ በታች ያለው ለኮሚቴው አይነበብ።

ለኦቦ ኤሌማ፦ የቆንጂትን መቃብር ከልጆቹ ጋር የቆፈረው እሱ ነው፤ ሃይማኖታችን ሃይማኖቱ ሳይሆን። ከዚያ ወዲህ የራሱ ግቢ አጥር በአንድ በኩል እንደወደቀ ነው። እሾሁን ቆርጬ እኔ አጥርለታለሁ።

ለወይዘሮ ሊና፦ ቆንጂት ታማ በተኛችበት ጊዜ ጠዋት ጠዋት አጥሚት ያመጣችው እሷ ናት። አመሰግናለሁ አላልኳትም። እላታለሁ። ስለ ስኳሩ ግን ሐሳቤ ያው ነው።

ለአብዱብ፦ በሰው ፊት ስለ መጋዘኑ ተናግሬዋለሁ። ግማሹ እውነት ስለሆነ በግማሹ ይቅርታ እጠይቀዋለሁ።

ለሜርሲ፦ ያን ሁሉ አቧራ ለብሳ መጥታ፣ ተነሥታ ምዜ ስትለኝ፣ ውኃ እንኳ ጠጪ አላልኳትም። ሰኞ ስትመጣ ውኃው ተቀድቶ ይጠብቃታል፤ ፊርማ ግን አታገኝም።

ለቆንጂት፦ ስሟ። ቅጹ ቦታ የለውም ከተባለ በሩ ቦታ አለው። በሰፊው፣ በትልልቅ ፊደል፣ "የቆንጂት መኩሪያ ቤት" ብዬ እኔ እጽፍበታለሁ፤ ቀኑን ሙሉ ቢፈጅብኝም። ዶዘር የሚነዳው ሰው የማንን ቤት እንደሚያፈርስ አንብቦ ያፍርስ። አማርኛ ማንበብ ካልቻለ ወርዶ ይጠይቅ፤ ደጃፉ ላይ ነኝ።

ሀብተሥላሴ ድንቁ፣ ጸሐፊ